ከአምስት ኪሎ እስከ አዳማ፦ የወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት የዘር ሐረግ

በአዲስ አበባ መንገድ ዳር የቆሙትን የቤተ ክርስቲያን ታፔላዎች ልብ ብሎ ያነበበ ሰው መካነ ኢየሱስ፣ ቃለ ሕይወት፣ መሠረተ ክርስቶስ፣ ሙሉ ወንጌል፣ ገነት፣ ሕይወት ብርሃን፣ ብርሃነ ወንጌል የሚሉ ስሞች ያገኛል። ሉተራን፣ ሜኖናይት፣ ፕሬስቢቴሪያን ወይም ባፕቲስት የሚል ጽሑፍ የሚታየው ከስንት አንዴ ነው። አላፊ አግዳሚው ሁሉንም ጠቅልሎ «ጴንጤ» ይላቸዋል። ምእመናኑም ቢሆኑ ሰፈር ሲቀይሩ ወይም ሲያገቡ ከአንዱ ወደ ሌላው ሲዘዋወሩ ብዙ አይጨነቁም። መዝሙሩን ያውቁታል፣ የጸሎቱ ድምፅ ያው ነው፣ ሰባኪውም ባለፈው ሳምንት በሌላኛው ቤት በእንግድነት ሲሰብክ የሰሙት ሊሆን ይችላል።

እነዚህ ቤቶች የተገኙባቸው የአውሮፓና የአሜሪካ አብያተ ክርስቲያናት ግን እንዲህ አልነበሩም። እርስ በርሳቸው ተወጋግዘዋል፤ አንዱ ሌላውን በሕግ አሳድዷል፤ በውኃ አስጥሞ የገደለም አለ። ልጆቻቸው አዲስ አበባ ላይ ጎረቤት ሆኑ፤ ክፉ ቀን ሲመጣም አንዱ ሌላውን በጓዳው ሸሸገ። በ1976ቱ የሕዝብ ቆጠራ ከመቶ 5.5 የነበረው የፕሮቴስታንት ቁጥር በ1999ኙ ቆጠራ ከመቶ 18.6 ደርሷል። ይህን ያህል ሕዝብ የማን ልጅ እንደሆነ፣ በማን ስም እንደተጠመቀና ተጠሪነቱ ለማን እንደሆነ ማወቅ አለበት ብዬ አምናለሁ። ይህ ቅኝትም ይህንኑ ፍለጋ ነው።

ፍለጋው ከአዲስ አበባ የሚጀምርበት ምክንያት አለው። በ1936 ዓ.ም. መንግሥት ስለ ሚስዮኖች ባወጣው ድንጋጌ አገሪቱ ለሁለት ተከፈለች። ኦርቶዶክሳዊ ሕዝብ በሚበዛበት ክልል የውጭ ሚስዮናዊ ሰው ወደ ራሱ እምነት እንዳይስብ ተከለከለ፤ ቀሪው ክልል ክፍት ሆነ። አዲስ አበባ በክፍቱ ወገን ተመደበች። በመሆኑም ምእመናኑ ወለጋ፣ ወላይታ ወይም ሲዳማ የነበሩት ሚስዮን ሁሉ ቢሮውን፣ የእንግዳ ማረፊያውንና ትምህርት ቤቱን እዚህ ከፈተ። የአገሪቱ የወንጌላውያን ታሪክ በአንድ ከተማ ውስጥ በእግር ሊዳረስ የቻለው በዚህ የተነሣ ነው።

መነሻችን አምስት ኪሎ ነው። የመካነ ኢየሱስ ቤተ ክርስቲያን የሚገኘው ከብሔራዊ ሙዚየም ብዙም ሳይርቅ ነው። ወደ ውስጥ የገባ ሰው መጀመሪያ ውኃውን ይፈልግ። እዚህ ማጥመቂያው ሕፃን ለማጥመቅ የሚበቃ ትንሽ ነው። አገልጋዩ ቄስ ይባላል፤ ቅዳሴ ሲመራ ነጭ ቀሚስ ይለብሳል፤ በትከሻው ላይ የሚደርበው ጨርቅ ቀለምም ከቤተ ክርስቲያኑ ወቅት ጋር ይለዋወጣል። እነዚህ ሁሉ የሉተር ልጅነት ምልክቶች ናቸው። ሉተር ከሮም ቢለይም ሕፃናትን ማጥመቅንም ሆነ ሥርዓተ ቅዳሴን አልተወምና።

እናቲቱ በስዊድን እ.ኤ.አ. በ1856 የተመሠረተው የስዊድን ወንጌላዊ ሚስዮን ናት። የተመሠረተችበትን ዘመን ሁኔታ ሳያውቁ መልኳን መረዳት ይከብዳል። በስዊድን ከ1726 እስከ 1858 ድረስ ካህን ሳይኖር በቤት ውስጥ ተሰብስቦ መጽሐፍ ቅዱስ ማንበብና መጸለይ በሕግ የተከለከለ ነበር። ሕዝቡ ግን በየገበሬው ቤት ይሰበሰብ ነበር። ከዚያ መነቃቃት አንዱ ወገን ከንጉሡ ቤተ ክርስቲያን ሳይወጣ ሚስዮን አቋቋመ፤ የመካነ ኢየሱስ ሥር ይህ ነው። ሌሎቹ ወጥተው «ነጻ ቤተ ክርስቲያን» ተባሉ፤ በንጉሡ ግምጃ ቤትና በንጉሡ ሕግ ሥር የማይተዳደሩ ማለት ነው። ወደ እነርሱ መርካቶ ላይ እንደርሳለን።

የስዊድን ሚስዮናውያን እ.ኤ.አ. በ1866 ምፅዋ ደረሱ። ልባቸው ኦሮሞ አገር ነበር፤ መንገዱ ግን ተዘግቶባቸው ለብዙ ዓመታት እዚያው በባሕሩ ዳርቻና በሐማሴን ቆዩ። እነርሱ ያልደረሱበትን አገር የደረሱበት ኢትዮጵያውያን ናቸው። ኦነሲሞስ ነሲብ በልጅነቱ በባርነት ተሽጦ ምፅዋ ላይ ነጻ የወጣ ሰው ነው፤ ከአስቴር ጋኖና ከሌሎች ጋር ሆኖ መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ኦሮምኛ መለሰ፤ መጽሐፉም እ.ኤ.አ. በ1899 ስዊዘርላንድ ታተመ። ከእርሱ ቀድሞ በ1898 ወለጋ ቦጂ የደረሰው ገብረ ኤዎስጣቴዎስ ደግሞ የሐማሴን ሰው፣ ኦርቶዶክሳዊ ካህን የነበረ ነው። ስዊድናዊው ሚስዮናዊ ካርል ሴደርክቪስት አዲስ አበባ የገባው ከዚህ በኋላ በ1904 ነው። ስለዚህ «ሃይማኖቱን ፈረንጅ አመጣው» የሚለው አባባል የምዕራብ ኢትዮጵያን ታሪክ አይመጥንም። ገንዘቡንና ማተሚያ ቤቱን ፈረንጅ አመጣ፤ ቃሉን ያደረሰው ከባርነት የተፈታ ሰውና ከቤተ ክህነት የወጣ ካህን ነው።

በመካነ ኢየሱስ ቤት ሌሎች እናቶችም አሉ፤ ከሁሉ የሚገርመኝ የጀርመኑ የሄርማንስቡርግ ሚስዮን ነው። እ.ኤ.አ. በ1849 በአንድ የገጠር መንደር ተመሠረተ፤ በ1853 ደግሞ በገበሬዎች መዋጮ የራሱን መርከብ ሠርቶ ወደ ኦሮሞ አገር ላከ። የመርከቧ ስም ህንደኬ ነበር፤ በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 8 ላይ ባለው የኢትዮጵያ ንግሥት ስም የተሰየመች። በምሥራቅ አፍሪካ ዳርቻ መግቢያ አጥታ ወደ ደቡብ አፍሪካ ናታል ዞረች፤ ሚስዮናውያኑም እዚያው ሰፈሩ። ሄርማንስቡርግ ወለጋ አይራ የደረሰው እ.ኤ.አ. በ1928 ግድም ነው፤ መርከቧ ከተነሣች ከ70 ዓመት በላይ ቆይቶ። ኖርዌጂያኑ ደግሞ ለቻይና የተቋቋሙ ነበሩ፤ የቻይና በር ሲዘጋባቸው እ.ኤ.አ. በ1948 ወደ ደቡብ ኢትዮጵያ መጡ። ዴንማርኮችም ተከተሉ።

እነዚህ ሁሉ የየራሳቸውን ማኅበረ ምእመናን ተክለው ነበር። አንድ ቤት የሆኑት ጥር 13 ቀን 1951 ዓ.ም. ነው፤ ያን ጊዜ አባላቱ 20,000 ያህል ነበሩ። ዛሬ ቤተ ክርስቲያኒቱ አባሎቿ ከ10 ሚሊዮን በላይ መሆናቸውን ትገልጻለች፤ በዓለም ሉተራን ፌዴሬሽን ውስጥም በአባላት ብዛት ግንባር ቀደም ናት። በ1955 ዓ.ም. የፌዴሬሽኑ አባል ስትሆን፣ በዚያው ዓመት የካቲት 19 ቀን ፌዴሬሽኑ ለአፍሪካና ለእስያ የሚያሰራጭ የራዲዮ ጣቢያ አዲስ አበባ ላይ ከፈተ። ደርግ በ1969 ዓ.ም. ወርሶ የአብዮታዊት ኢትዮጵያ ድምፅ አደረገው።

በዚህ ቤት የፕሬስቢቴሪያን ደምም አለ፤ ይህን ብዙ ምእመናን አያውቁትም። እ.ኤ.አ. በ1919 ሐኪሙ ቶማስ ላምቢ ከሱዳን ተሻግሮ ደምቢ ዶሎ ገባ። ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት የኅዳር በሽታ አገሩን ፈጅቶ ስለነበር የቄለም ገዥ ሐኪም ይፈልግ ነበር። ከአሜሪካን ፕሬስቢቴሪያን ሚስዮን የተገኘው ማኅበር በኋላ ቤቴል ተባለ፤ ከመሪዎቹም አንዱ ዓይነ ስውሩ ቄስ ጊዳዳ ሶለን ነበሩ። ቤቴል በ1966 ዓ.ም. ግድም ከመካነ ኢየሱስ ጋር ተዋሐደች። በአውሮፓ ሉተራኑና የካልቪን ተከታዮች በቅዱስ ቁርባን ትምህርት ምክንያት ከአራት መቶ ዓመት በላይ ማዕድ ሳይቋረሱ ኖረዋል። እዚህ አንድ ፕሬዚዳንትና አንድ ጠቅላላ ጉባኤ ኖራቸው። ቤተ ክርስቲያኒቱ ዛሬም በሉተራን ፌዴሬሽንም በተሐድሶ አብያተ ክርስቲያናት ኅብረትም አባል ናት።

ስለ ዝምድና ሲነሣ የሚዘለል ነገር አለ። ስዊድን አገር የንጉሥ ቤተ ክርስቲያን የነበረው ሉተራንነት ወደ ኢትዮጵያ ሲመጣ ያለ ንጉሥ መጣ። መንግሥት ከኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ጋር ስለነበር መካነ ኢየሱስ ከመጀመሪያዋ ቀን ጀምሮ ነጻ ቤተ ክርስቲያን ነበረች። ፕሬዚዳንቷ አቶ አማኑኤል አብርሃም የንጉሡ ሚኒስትር ነበሩ፤ ቤተ ክርስቲያኗ ግን ከንጉሡ ሕግ የምትጠብቀው ፈቃድ እንጂ ደመወዝ አልነበረም። ለገንዘብ የምትመለከተው ወደ ውጭ ነበር፤ በዚህም ላይ በ1972 እ.ኤ.አ. ታላቅ ደብዳቤ ጻፈች። ለጋሾች ለሆስፒታልና ለትምህርት ቤት ገንዘብ ሲሰጡ ለወንጌል ሥራ መንፈጋቸውን ነቅፋ፣ ሰውን በሥጋና በነፍስ አትክፈሉት አለቻቸው። ዋና ጸሐፊው ቄስ ጉዲና ቱምሳ ነበሩ። በ2013 እ.ኤ.አ. ደግሞ ከስዊድን ቤተ ክርስቲያንና ከአሜሪካው ወንጌላዊ ሉተራን ቤተ ክርስቲያን ጋር የነበራትን ኅብረት በተመሳሳይ ፆታ ጋብቻ ጉዳይ አቋረጠች። የወለዷት ወገኖች ዛሬ በቁጥርም ከእርሷ ያንሳሉ፤ ደብዳቤውም የሚጻፈው ከዚህ ወደዚያ ነው።

ከአምስት ኪሎ በአራት ኪሎ አድርገን ካዛንቺስን ካለፍን ዑራኤል እንደርሳለን። ሐምሌ 21 ቀን 1971 ዓ.ም. ማታ ቄስ ጉዲና በዑራኤል መካነ ኢየሱስ አገልግለው ሲወጡ በደርግ ሰዎች ተወሰዱ፤ ባለቤታቸው ወይዘሮ ፀሐይ ቶሎሳም አብረዋቸው ተያዙ። እርሳቸው ያኔ ተገደሉ፤ አፅማቸው የተገኘው ደርግ ከወደቀ በኋላ ነው። ወይዘሮ ፀሐይ በኋላ አሥር ዓመት ያህል ታሰሩ። ቄስ ጉዲና ከመያዛቸው በፊት ከአገር የሚወጡበት መንገድ ተመቻችቶላቸው ነበር፤ መንጋዬን ትቼ አልሄድም ብለው ቀሩ። በዚህ ቦታ ረዘም ላለ ጊዜ መቆም ይገባል። የሉተራን ፌዴሬሽን አባልነት፣ የጄኔቫ ጽሕፈት ቤት፣ የጀርመንና የስዊድን ወዳጅነት ሁሉ ያን ሌሊት አንድ ሰው ማዳን አልቻለም። ከዚህ በኋላ የኢትዮጵያ ወንጌላውያን የማን ናችሁ ቢባሉ መልሱ በውጭ አባልነት መዝገብ ላይ ብቻ የሚገኝ አልሆነም።

ወደ ምዕራብ ተሻግረን መርካቶ እንግባ። በ1951 እ.ኤ.አ. የመጡት የፊንላንድ ጴንጤቆስጤ ሚስዮናውያን እዚህ ገበያው መካከል ሥራ ጀመሩ፤ የገነት ቤተ ክርስቲያን ሥር ከዚህ ነው። በ1950ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ ደግሞ የስዊድን ፊላደልፊያ ሚስዮን ሐዋሳ ላይ ሰፈረ፤ ሕይወት ብርሃን የእርሱ ልጅ ናት። የስቶክሆልም ፊላደልፊያ እ.ኤ.አ. በ1910 ስትቋቋም የባፕቲስት ቤተ ክርስቲያን ነበረች፤ በመጋቢዋ በሌዊ ፔትሩስ ዘመን፣ በ1913፣ የስዊድን ባፕቲስት ኅብረት አባረራት። ምክንያቱ የጌታ ራት ነበር፤ ከኅብረቱ ውጭ የተጠመቁትንም ወደ ማዕድ አስገብታለችና።

አሁን የስዊድኑን ክር መያዝ ይቻላል። በገበሬ ቤት ተደብቆ መጽሐፍ ቅዱስ ያነብ ከነበረው ሕዝብ አንዱ ወገን መካነ ኢየሱስን ወለደ። ከዚያው ሚስዮን እ.ኤ.አ. በ1911 በመጽሐፍ ቅዱስ ሥልጣን ጉዳይ ተጣልተው የወጡ ወገኖች ሌላ ሚስዮን መሠረቱ፤ ከእርሱም ዛሬ ሉተራን ቤተ ክርስቲያን ተብላ የምትጠራው አነስተኛ ማኅበር ተገኘች። ሌላው ወገን ሕፃናትን ማጥመቅ ትቶ ባፕቲስት ሆነ፤ ከእርሱ ወደ አሜሪካ የተሰደዱት እ.ኤ.አ. ከ1852 ጀምሮ ያቋቋሟቸው አብያተ ክርስቲያናት ከመቶ ዓመት ግድም በኋላ ወደ አምቦና ወደ ግንደበረት ሚስዮናውያን ላኩ፤ ብርሃነ ወንጌል ከእነርሱ ናት። ሌላው ከባፕቲስቱ ተባሮ ጴንጤቆስጤ ሆኖ ሐዋሳ መጣ። በስዊድን ገጠር በአንድ ክፍለ ዘመን የተነሣ መነቃቃት በአራት በር ኢትዮጵያ ገባ፤ የአራቱ ልጆች ዛሬ በአንድ የሰርግ አዳራሽ ሲገናኙ የሩቅ ዘመዶች መሆናቸውን የሚያውቅ ጥቂት ነው።

መርካቶና ሐዋሳ የተገናኙት ግን በሚስዮናውያኑ ዕቅድ አልነበረም። በ1950ዎቹ ዓ.ም. አጋማሽ የሁለተኛ ደረጃና የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች በሐረር፣ በአዳማ፣ በሐዋሳ፣ በአዲስ አበባ በየራሳቸው መጸለይ ጀምረው ነበር። መርካቶ በፊንላንዳውያኑ ግቢ ተሰበሰቡ፤ በክረምትም ወደ ሐዋሳ ጉባኤ ወረዱ። በልሳን መናገር፣ ለበሽተኛ መጸለይ፣ ሌሊቱን በጸሎት ማደር ለመዱ። ነገሩ ሲበረታ ወጣቶቹ በፊንላንዳውያኑም በስዊድናውያኑም ስም መጠራት አልፈለጉም፤ በ1959 ዓ.ም. የራሳቸውን ሙሉ ወንጌል አማኞች ቤተ ክርስቲያን አቋቋሙ። በእኔ እይታ በዚህ ቅኝት ውስጥ ካሉት ውሳኔዎች ሁሉ ደፋሩ ይህ ነው። ወጣት ተማሪዎች የውጭ ገንዘብም የውጭ ከለላም ሳይኖራቸው፣ እናት የሌላትን ቤተ ክርስቲያን ተከሉ። ዋጋውም ወዲያው መጣ። የምዝገባ ጥያቄያቸው ውድቅ ሆነ፤ እ.ኤ.አ. በ1972 አዲስ አበባ ላይ አንድ እሑድ 250 ያህል ሰዎች ከጸሎት ላይ ተይዘው ታሰሩ። ሚስዮን ላለው ቤት ሚስዮኑ በደብዳቤ ይሟገትለታል፤ እነርሱ ግን የሚሟገትላቸው አልነበረም።

ከመርካቶ ወደ ልደታ አቅጣጫ ስንወርድ ጌጃ ሰፈር አለ፤ ጌጃ ቃለ ሕይወት በከተማው ከሚታወቁት አጥቢያዎች አንዷ ናት። ውኃውን እዚህም እንፈልግ። ሰውን ሙሉ በሙሉ የሚያጠልቅ ገንዳ እንጂ ትንሽ ማጥመቂያ አይገኝም፤ በገጠሩ ወንዙ ይበቃል። የሚጠመቀው የሚያምንበትን በአንደበቱ የተናገረ ሰው ነው። አስተዳደሩን የሚይዙት ሽማግሌዎች ናቸው።

የቃለ ሕይወት እናት ቤተ ክርስቲያን አይደለችም፤ ከልዩ ልዩ አብያተ ክርስቲያናት የተሰባሰቡ ሰዎች የመሠረቱት ሚስዮን ነው፦ የሱዳን የውስጥ ክፍል ሚስዮን፣ በተለምዶ ኤስ.አይ.ኤም. የሚባለው። እ.ኤ.አ. በ1893 ሮላንድ ቢንገም፣ ዋልተር ጎዋንስና ቶማስ ኬንት የሚባሉ ሦስት ወጣቶች ሌጎስ ወረዱ፤ በዓመት ጊዜ ውስጥ ሁለቱ ሞቱ፤ ቢንገም ተመልሶ ደግሞ ጀመረ። ሚስዮኑ ባፕቲስቱንም፣ ፕሬስቢቴሪያኑንም፣ ሌላውንም በአንድ ጣራ ሥር ያሠራ ነበርና ለተከላት ቤተ ክርስቲያን ከ16ኛው ክፍለ ዘመን የወረደ የእምነት መግለጫ አላወረሳትም። ያወረሳት መጽሐፍ ቅዱስን፣ የአማኝ ጥምቀትንና የሽማግሌዎችን መሪነት ነው። የቃለ ሕይወት ጥንካሬም ችግርም ከዚህ የመነጨ ይመስለኛል። አጥቢያው በራሱ ይቆማል፤ ነገር ግን የትምህርት ክርክር ሲነሣ እንደ ሉተራኑ ገልጦ የሚያሳየው የአባቶች ጽሑፍ የለውም።

ይህን ሚስዮን ወደ ኢትዮጵያ ያመጣው ማን ነው? ያው ሐኪሙ ላምቢ። ከደምቢ ዶሎ በኋላ አዲስ አበባ ጉለሌ ላይ ሆስፒታል ሠርቶ ነበር፤ ከዚያ ከፕሬስቢቴሪያኑ ተለይቶ ወደ ደቡብ የሚሄድ አነስተኛ ሚስዮን ከጓደኞቹ ጋር አቋቋመ፤ በ1927 እ.ኤ.አ. ከኤስ.አይ.ኤም. ጋር ተቀላቀሉ። ዓላማቸው ጅማ ነበር፤ ጉዞው ግን ወላይታ፣ ሀዲያና ሲዳማ አደረሳቸው። አንድ ሰው የቤቴልንም የቃለ ሕይወትንም ዘር ዘራ ማለት ነው። በስሙ የተጠራ ሰፈር አላየሁም።

ወላይታ ላይ የሆነው የታወቀ ታሪክ ነው፤ ቢሆንም ሳይነገር አይታለፍም። እ.ኤ.አ. በ1937 ጣሊያን ሚስዮናውያኑን ሲያስወጣ የተጠመቁት አማኞች 48 ብቻ ነበሩ። መጽሐፍ ቅዱስ በቋንቋቸው ሙሉ በሙሉ አልተተረጎመም፤ የተማረ ሰው በጣት የሚቆጠር ነበር። መሪዎቹ ታሰሩ፤ ዋንዳሮ የተባለው ሽማግሌ ተገረፈ። ከጦርነቱ በኋላ ሚስዮናውያኑ ሲመለሱ 10,000 ያህል አማኞች ጠበቋቸው። በእነዚያ ዓመታት ቤተ ክርስቲያኗ ከነጮቹ ጋር የነበራት ዝምድና ተቋርጦ፣ ከወላይታ ወደ ጋሞና ወደ ሌሎች ጎረቤት ሕዝቦች ወንጌላውያንን የምትልክ ራሷ ሆና ነበር። ቃለ ሕይወት ዛሬ በአባላት ብዛት ከመካነ ኢየሱስ ጋር ከሚጠሩት ታላላቅ አብያተ ክርስቲያናት አንዷ ናት።

ወደ ደቡብ ምዕራብ እንቀጥል። ዘነበወርቅ ሰፈር ስሙን ያገኘው ኤስ.አይ.ኤም. በ1930ዎቹ እ.ኤ.አ. ከሠራው የሥጋ ደዌ ሆስፒታል ነው፤ ሆስፒታሉ በንጉሡ ልጅ በልዕልት ዘነበወርቅ ስም ተሰየመ። ዛሬ በዚያው ስፍራ አለርት አለ። በሽተኞቹ ቤተሰባቸውን ይዘው በዙሪያው ሰፈሩ፤ ከተማው አጥሩን ያለፈ ጊዜም ሰፈሩ በልዕልቷ ስም መጠራቱ ቀጠለ። ከዚያ ብዙም ሳይርቅ መካኒሳ በ1960 እ.ኤ.አ. የተከፈተው የመካነ ኢየሱስ ሴሚናሪ አለ። ቄስ የሚሆነው ወጣት ሉተርን እዚያ ያነባል።

መሠረተ ክርስቶስን ለማየት ከአዲስ አበባ ወጥቶ አዳማ መውረድ ይሻላል። ሜኖናይቶች በ1945 እ.ኤ.አ. የመጡት ጦርነት የጎዳውን ሕዝብ ለመርዳት ነው። በናዝሬት፣ በዛሬዋ አዳማ፣ የቀድሞ የጥጥ መዳመጫ ሕንፃ ተሰጥቷቸው ሆስፒታል አደረጉት፤ በአርበኛው በኃይለ ማርያም ማሞ ስም ተሰየመ። ሜኖናይት መሣሪያ አያነሣም፤ ጠላቱንም አይዋጋም። የእርሱ ሆስፒታል በአርበኛ ስም መጠራቱ የአገሩን ክብር እንደተቀበለ ያሳያል፤ ዛሬ የአዳማ ሆስፒታል ሕክምና ኮሌጅ ነው። እዚያ ድሬሰር ሆነው የሠለጠኑ ወጣቶች በየከተማው ክሊኒክ ከፍተው ወንጌሉንም ይዘው ሄዱ። በ1951 እ.ኤ.አ. አሥር ሰዎች ተጠመቁ። ሚሊዮን በለጠ የተባሉ የዚህች ቤተ ክርስቲያን ሰው ደግሞ እ.ኤ.አ. ከ1973 እስከ 1978 የዓለም ሜኖናይት ጉባኤ ፕሬዚዳንት ነበሩ። ከመጀመሪያው ጥምቀት እስከዚያ 22 ዓመት ብቻ ነው የሚቆጠረው።

የእነዚህ ሰዎች ሥር በስዊዘርላንድ ዙሪክ ነው። እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 21 ቀን 1525 ጥቂት ወጣቶች በአንድ ቤት ተሰብስበው፣ የሕፃንነት ጥምቀት ጥምቀት አይደለም ብለው እርስ በርሳቸው ተጠማመቁ። የከተማው ምክር ቤት ድርጊቱን በሞት የሚያስቀጣ አደረገው፤ ከመሪዎቹ አንዱን ፊሊክስ ማንዝን በ1527 በሊማት ወንዝ ውስጥ አስጥመው ገደሉት። ሉተራኑም በ1530 ባወጡት የአውግስቡርግ የእምነት መግለጫ በስማቸው ጠርተው አወገዟቸው። ከካህንነት የወጣው የሆላንዱ ሜኖ ሲሞንስ የተበተኑትን ሰብስቦ ስሙን ሰጣቸው። በመጽሐፎቹ ላይ ያሳትመው የነበረው ጥቅስ 1ኛ ቆሮንቶስ 3፥11 ነበር፤ መሠረተ ክርስቶስ የሚለው ስም ከዚያ ነው። የዓለም ሉተራን ፌዴሬሽን ለዚያ ዘመን በደል ሜኖናይቶችን ይቅርታ የጠየቀው በ2010 እ.ኤ.አ. ሽቱትጋርት ላይ ነው።

አዳማ ላይ ግን ሌላ ነገር ሆነ። የእንግሊዝኛ ትምህርት የፈለጉ ተማሪዎች ወደ ሚስዮናውያኑ መጥተው መጽሐፍ ቅዱስ አነበቡ፤ ከዚያ የራሳቸው የጸሎት ኅብረት ተነሣ፤ ሰማየ ብርሃን ተባለ። መንፈሱ ከመርካቶና ከሐዋሳ ወጣቶች ጋር አንድ ነበር። ሙሉ ወንጌል ሲዘጋም ብዙዎቹ በመሠረተ ክርስቶስ ቤት ተጠለሉ። ጸጥ ያለው የሜኖናይት ጉባኤ በልሳን የሚጸልይና እያጨበጨበ የሚዘምር ሆነ። ከዚያ ጥር 1974 ዓ.ም. ደርግ መሠረተ ክርስቶስንም ዘጋ፤ ንብረቷን ወረሰ፤ መሪዎቿን ለአራት ዓመት ያህል አሰረ። አባላቱ 5,000 ያህል ነበሩ። በየቤቱ ጥቂት ጥቂት ሆነው፣ ድምፅ ሳያሰሙ፣ ቀን እየለዋወጡ ተሰበሰቡ፤ ሴቶች ቡድን መሩ፤ መዝሙር በሹክሹክታ ተዘመረ። በ1983 ዓ.ም. ወደ አደባባይ ሲወጡ ከ30,000 በላይ ነበሩ። ዛሬ በዓለም ሜኖናይት ጉባኤ ውስጥ በአባላት ብዛት የሚበልጣቸው የለም።

የዘመኑ መዝሙር፣ የጸሎት ልማድ፣ የቤት ለቤት ቡድን አሁን በሁሉም ዘንድ አንድ የሆነበት ምክንያት ይህ በመከራ ዘመን አንዱ በሌላው ቤት መጠለሉ ነው። በ1968 ዓ.ም. ግድም የወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት ኅብረት የተመሠረተውም ክፉው ቀን ሲቃረብ ነው። በ2012 ዓ.ም. ደግሞ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት የወንጌል አማኞች አብያተ ክርስቲያናት ካውንስልን በአዋጅ አቋቋመ። በኢትዮጵያ ታሪክ ለወንጌላውያን እንዲህ ያለ ሕጋዊ ስፍራ ሲሰጥ የመጀመሪያው ነው።

ከአዳማ ወደ አዲስ አበባ ስንመለስ ግን ሌሎች ታፔላዎች በብዛት ይታያሉ። የአንድ ሰው ፎቶግራፍ ተለጥፎባቸዋል፤ ነቢይ ወይም ሐዋርያ የሚል ማዕረግ ከስሙ በፊት አለ፤ አዳራሹ የተከራየ ነው። በመካነ ኢየሱስ ቄስ ቢያጠፋ ማኅበረ ምእመናኑ ወደ ሲኖዶሱ ይጮኻል። በቃለ ሕይወት ሽማግሌዎች መጋቢውን ያስቆማሉ። በመሠረተ ክርስቶስ አጥቢያው ከክልሉ ጋር ይመክራል። ሙሉ ወንጌል ያለ ውጭ እናት ብትወለድም የራሷን የሽማግሌና የጉባኤ ሥርዓት ሠርታለች። በእነዚያ የተከራዩ አዳራሾች ግን ገንዘቧን ሰጥታ የተከዳች ወይም ባልሽን ፈትተሽ ውጪ የተባለች ሴት አቤት የምትልበት ቢሮ የላትም። ካውንስሉ በአዋጅ ከተሰጠው ሥራ ሁሉ ይህን ቢያስቀድም ደስ ይለኛል፤ ማን እንደሾመው፣ ማን እንደሚቆጣጠረውና ማን እንደሚሽረው በጽሑፍ ማሳየት ለማይችል አገልጋይ የአባልነት ወረቀት አይስጥ።